የግድግዳ ሥዕሎችን ከአስጎብኚ ጋር በእግር መጎብኘት፡- ሐይቅንና አምባሰልን መነሻ ያደረገ ማብራሪያ

የማብራሪያው ዓላማ

የግድግዳ ሥዕል ከሌሎች ቅርሶች የሚለየው ከተሣለበት ቤት የማይነጠል በመሆኑ ነው። የብራና መጽሐፍ በሣጥን ይቀመጣል፤ መስቀል በዕቃ ቤት ይቆለፍበታል፤ ሁለቱም አስፈላጊ ሲሆን ወደ ሙዚየም ተወስደው ለእይታ ይቀርባሉ። የግድግዳ ሥዕልን ማየት የሚሻ ሰው ግን ወደ ሥዕሉ መሄድ፣ በቤቱ ሥርዓት መግባትና በዙሪያው መራመድ ይኖርበታል። ስለዚህ የሥዕሉ ደኅንነት በጠባቂው ብቻ ሳይሆን በየዕለቱ በፊቱ በሚያልፉ ሰዎች አካሄድም ይወሰናል። ጎብኚውን የሚመራው አስጎብኚ የሥዕሉ ተርጓሚ ብቻ ሳይሆን የመጀመሪያ ጠባቂውም ነው የሚባለው ከዚህ የተነሣ ነው።

ይህ ማብራሪያ በደቡብ ወሎ ዞን ሐይቅንና አምባሰልን ለመጎብኘት ለሚያስቡ፣ ጉዟቸውንም ወደ ሌሎች የግድግዳ ሥዕል ሥፍራዎች ለማስፋት ለሚፈልጉ ዜጎች የተዘጋጀ ነው። በተጨማሪም በከተማቸው አዲስ የግድግዳ ሥዕል ለማሠራት ወይም የእግር ጉብኝት ለመጀመር ለሚያቅዱ ወጣቶች፣ ማኅበራትና የደብር አስተዳደሮች ሊያሟሏቸው የሚገቡ ጉዳዮችን ያመለክታል።

የግድግዳ ሥዕል ዓይነቶች

በአገራችን ጎብኚው የሚያገኛቸው የግድግዳ ሥዕሎች በሦስት ሊከፈሉ ይችላሉ።

1. የአብያተ ክርስቲያናት ሥዕሎች፡- በዕድሜም በብዛትም ቀዳሚ ናቸው። ከፊሎቹ በቀጥታ በዓለት ወይም በተለሰነ ግድግዳ ላይ ተሥለዋል። ከፊሎቹ ደግሞ አቡጀዲ በመሰለ የጥጥ ጨርቅ ላይ ከተሣሉ በኋላ በጭቃና በጭድ በተመረገው ግድግዳ ላይ የተለጠፉ ናቸው።

2. የሕዝብ ሕንፃዎች ሥዕሎች፡- በ20ኛው ክፍለ ዘመን በአዳራሾች፣ በካቴድራሎችና በመንግሥት ተቋማት የተሠሩ የግድግዳ ሥዕሎችን፣ ሞዛይኮችንና ባለ ቀለም የመስታወት ሥራዎችን ያጠቃልላል።

3. የአደባባይና የመንገድ ሥዕሎች፡- በትምህርት ቤት አጥሮች፣ በንግድ ቤቶች ፊት፣ በድልድይ ሥርና በመንደር መተላለፊያዎች የሚታዩ ናቸው። ለፀሐይና ለዝናብ የተጋለጡ ስለሆኑ ዕድሜያቸው አጭር ነው።

ሦስቱም ዓይነቶች የሚጎበኙት በእግር ነው። ክብ ቅርጽ ባላቸው አብያተ ክርስቲያናት ሥዕሉ የሚገኘው በአብዛኛው በመቅደሱ የውጭ ግድግዳ ላይ በመሆኑ ተመልካቹ በቅድስቱ ዙሪያ እየተራመደ አንዱን ታሪክ ከሌላው ጋር እያያያዘ ያነባል። በከተማም ጎብኚው ከአንዱ ሕንፃ ወደ ሌላው፣ ከአንዱ መንደር ወደ ሌላው ሲሄድ የሚያደርገው ይህንኑ ነው።

ሐይቅ፡- የሥዕል ትምህርቱ መነሻ

የሐይቅ ከተማ ከደሴ በስተሰሜን ወደ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ በወልዲያ መንገድ ላይ ትገኛለች። ስሟን የሰጣት ሐይቅ 23 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ስፋት አለው። በሐይቁ ውስጥ በስተምዕራብ በኩል የሚገኘው የሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም ቀድሞ በውኃ የተከበበ ደሴት የነበረ ሲሆን ዛሬ ከየብስ ጋር የተያያዘ ነው፤ በመሆኑም ወደ ገዳሙ በእግር መድረስ ይቻላል።

ገዳሙ በ13ኛው ክፍለ ዘመን በአባ ኢየሱስ ሞአ መምህርነት ታላቅ የትምህርት ማዕከል ሆኗል። አቡነ ተክለ ሃይማኖትን ጨምሮ ብዙ መነኮሳት የተማሩት በዚሁ ሥፍራ ነው። የገዳሙ አበምኔትም «ዐቃቤ ሰዓት» በሚል ማዕረግ በቤተ መንግሥት ከፍተኛ ሥፍራ ነበራቸው። ለሥዕል ታሪክ ከሁሉ የሚልቀው የገዳሙ ሀብት በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር በ1280/81 የተጻፈው የአባ ኢየሱስ ሞአ ወንጌል ነው። መጽሐፉ ዘመኑ በትክክል ከታወቀ የኢትዮጵያ ባለ ሥዕል የብራና መጻሕፍት መካከል በቀዳሚነት የሚጠቀስ ሲሆን የወንጌላውያኑንና የራሳቸውን የአባ ኢየሱስ ሞአን ሥዕል ይዟል።

ሐይቅ በግድግዳ ሥዕል ጉብኝት ውስጥ መነሻ የሚሆነው በዚህ ምክንያት ነው። በብራና ላይ የሚታየው የአሣሣል ልማድ፣ ማለትም ትልልቅ ዓይኖች፣ ፊት ለፊት የቆመ አካልና በመስመር የተከፋፈለ ልብስ፣ በዚያው ዘመን በአብያተ ክርስቲያናት ግድግዳዎች ላይም ይታያል። ከአባ ኢየሱስ ሞአ ጋር በታሪክ ስማቸው ተያይዞ የሚነሣው ዐፄ ይኩኖ አምላክ (በጎርጎርዮሳዊው 1270–1285) በላስታ በምትገኘው የገነተ ማርያም ውቅር ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ ከነስማቸው ተሥለው ይገኛሉ። መጽሐፉ በሐይቅ፣ ግድግዳው በላስታ ቢሆንም ሁለቱ የአንድ ዘመን ምስክሮች ናቸው። አስጎብኚ የሌለው ጎብኚ ይህን ትስስር በራሱ ለማግኘት ይቸገራል።

ወደ ገዳሙ የሚሄዱ ጎብኚዎች አስቀድመው ሊያውቁት የሚገባ ጉዳይ አለ። በገዳሙ ሥርዓት መሠረት ሴቶች ወደ ውስጠኛው ክፍል አይገቡም። ከቤተሰብ ጋር ወይም በቡድን የሚጓዙ ሰዎች ይህን ሳያውቁ ደርሰው ቅር እንዳይሰኙ፣ የጉብኝት መርሐ ግብሩ ለሁሉም የሚሆን የሐይቅ ዳር የእግር ጉዞ እንዲያካትት አስጎብኚውን ቀድመው ቢያነጋግሩ ይመከራል። የብራና መጻሕፍቱ የሚታዩትም በገዳሙ አባቶች ፈቃድና እጅ ብቻ ነው።

አምባሰል፡- ከግሸን እስከ ውጫሌ

የአምባሰል ወረዳ ሁለት ታላላቅ የታሪክ ሥፍራዎችን ይዟል።

የመጀመሪያው ግሸን ደብረ ከርቤ ነው። አምባው በመስቀል ቅርጽ የተሠራ ሲሆን በቤተ ክርስቲያን ትውፊት በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን የጌታ ግማደ መስቀል ያረፈበት ሥፍራ ነው። በመካከለኛው ዘመን የነገሥታት ልጆች ይጠበቁበት የነበረውም ይኸው አምባ ነው፤ ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ራሳቸው ከመንገሣቸው በፊት በዚያ ኖረዋል። ንጉሡ ለእመቤታችን ክብር ያወጡት ሥርዓት በ15ኛው ክፍለ ዘመን የቅድስት ድንግል ማርያም ሥዕል በአገሪቱ እንዲስፋፋ ምክንያት ሆኗል። በአምባው ላይ ግሸን ማርያምንና እግዚአብሔር አብን ጨምሮ በርካታ አብያተ ክርስቲያናት ይገኛሉ። በየዓመቱ መስከረም 21 ቀን የሚከበረው በዓል እጅግ ብዙ ምእመናንን ስለሚሰበስብ ሥዕልና ሕንፃ ረጋ ብሎ ለማየት የሚፈልግ ጎብኚ ሌላ ጊዜ ቢመርጥ ይሻለዋል።

ሁለተኛው ውጫሌ ነው። ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. የተፈረመው የውጫሌ ውል በ17ኛው አንቀጽ የአማርኛና የጣሊያንኛ ቅጂዎች ልዩነት የተነሣ ወደ ዓድዋ ጦርነት እንዳመራ ይታወቃል። ይህ ታሪክ ከሥዕል ጋር የቀጥታ ግንኙነት አለው። የዓድዋ ጦርነት ከሃይማኖታዊ ርእሶች ውጭ በኢትዮጵያውያን ባህላዊ ሠዓሊዎች በብዛት ከተሣሉ ታሪኮች አንዱ ነው። በሥዕሎቹ ላይ ቅዱስ ጊዮርጊስ በነጭ ፈረስ ሆኖ ከሰማይ ይታያል፤ ዐፄ ምኒልክና እቴጌ ጣይቱ በአንድ ወገን፣ የጠላት ጦር በሌላው ወገን ይቆማሉ። በውጫሌ የሚጀምር የእግር ጉብኝት በአዲስ አበባ በዓድዋ ሥዕሎች ፊት ሊጠናቀቅ የሚችለው በዚህ ትስስር ነው።

ጉብኝቱን ለማስፋት የሚረዱ ሌሎች ሥፍራዎች

በላስታና አካባቢው፡- ከገነተ ማርያም በተጨማሪ በላሊበላ ቤተ ማርያም፣ እንዲሁም በዋሻ ውስጥ በታነጸው ይምርሐነ ክርስቶስ በአገራችን ጥንታዊ ከሚባሉት የግድግዳና የጣሪያ ሥዕሎች መካከል የሚመደቡ ይገኛሉ። የላሊበላ ውቅር አብያተ ክርስቲያናት በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት የተመዘገቡት በጎርጎርዮሳዊው 1978 ነው።

በጎንደር፡- የደብረ ብርሃን ሥላሴ ቤተ ክርስቲያን ጣሪያ በመላእክት ፊቶች የተሞላ ነው። ግድግዳዎቹም የጎንደር ዘመንን የአሣሣል ስልት ለመማር ምቹ ናቸው።

በአዲስ አበባ፡- በፒያሳ የሚገኘው የቅዱስ ጊዮርጊስ ካቴድራል የዓድዋ ድል መታሰቢያ ሆኖ የተሠራ ሲሆን በውስጡ የሜትር አርቲስት አፈወርቅ ተክሌ ሥራዎች ይታያሉ። በአቅራቢያው በየካቲት 2016 ዓ.ም. የተመረቀው የዓድዋ ድል መታሰቢያ ስለሚገኝ ሁለቱን በአንድ የእግር ጉዞ ማየት ይቻላል። በቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ዐፄ ኃይለ ሥላሴ በመንግሥታት ማኅበር ፊት ያደረጉትን ንግግር የሚያሳይ የግድግዳ ሥዕል አለ። በአፍሪካ አዳራሽ የሚገኘው የአፈወርቅ ተክሌ ባለ ቀለም መስታወት 150 ካሬ ሜትር ስፋት ያለውና በሦስት ክፍል የቀረበ የአፍሪካ ታሪክ ነው። አዳራሹ ሰፊ እድሳት ተደርጎለት በጥቅምት 2017 ዓ.ም. ዳግም ተመርቋል። የሚገኘው በተባበሩት መንግሥታት የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን ቅጥር ግቢ በመሆኑ ያለ ቅድሚያ ፈቃድ መግባት አይቻልም።

በሐረር፡- በጎርጎርዮሳዊው 2006 በዓለም ቅርስነት የተመዘገበው የጀጎል ግንብ ውስጥ ነዋሪዎች የቤቶቻቸውንና የመተላለፊያዎቻቸውን ግድግዳ በልዩ ልዩ ቀለም ያስውባሉ። ጠባብ መተላለፊያዎቹ ተሽከርካሪ ስለማያሳልፉ ከተማይቱ በአስጎብኚ መሪነት በእግር ትጎበኛለች። የአደባባይ ግድግዳን ለማስዋብ የሚያስቡ ከተሞች ከጀጎል የሚማሩት ቁም ነገር ውበቱ በየዓመቱ የሚታደሰው በነዋሪው እጅ መሆኑን ነው።

አስጎብኚ እንዴት ማግኘት ይቻላል?

1. ከመጓዝዎ በፊት የአካባቢውን የመንገድና የጸጥታ ሁኔታ ያረጋግጡ። ለሐይቅ ጉብኝት የተሁለደሬ ወረዳን፣ ለግሸንና ለውጫሌ የአምባሰል ወረዳን የባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት፣ ወይም በደሴ የሚገኘውን የደቡብ ወሎ ዞን የባህልና ቱሪዝም መምሪያ ይጠይቁ።

2. አስጎብኚው ለሥራው የተሰጠውን መታወቂያ እንዲያሳይዎ ይጠይቁ። መታወቂያ መጠየቅ ነውር አይደለም፤ የጎብኚው መብት ነው።

3. ክፍያውን፣ የጉዞውን ሰዓትና የሚታዩትን ሥፍራዎች ከመነሣትዎ በፊት ይስማሙ። ለገዳም ወይም ለቤተ ክርስቲያን የሚከፈለው የመግቢያ ክፍያ ለአስጎብኚው ከሚከፈለው የተለየ በመሆኑ ለእያንዳንዱ ደረሰኝ ይቀበሉ።

4. የቅዳሴ ሰዓትንና የጾም ወቅትን አስጎብኚው ያውቃል፤ ምክሩን ይቀበሉ። በአገልግሎት ሰዓት ሥዕል ለመመልከት ወደ ውስጥ መግባት ተገቢ አይደለም። በሐይቅ እስጢፋኖስ የአባ ኢየሱስ ሞአ በዓል ኅዳር 26 ቀን፣ የቅዱስ እስጢፋኖስ በዓል ጥር 1 ቀን ይከበራል።

የአካባቢ አስጎብኚ መያዝ ሌላም ጥቅም አለው። ከጉብኝቱ የሚገኘው ገቢ በሥፍራው ለሚኖሩ ወጣቶች ሲደርስ ቅርሱን የሚጠብቀው ዓይን ይበዛል። ከቅርሱ ምንም የማያገኝ ኅብረተሰብ የዘበኝነቱን ሸክም ብቻውን እንዲሸከም መጠበቅ አይቻልም።

ሥዕሉን እንዴት ማንበብ ይቻላል?

በቤተ ክርስቲያን ሥዕል ቅዱሳን ሁለቱም ዓይኖቻቸው እንዲታዩ ሆነው ፊት ለፊት ይሣላሉ። ክፉዎችና ጠላቶች ግን አንድ ዓይናቸው ብቻ እንዲታይ በጎን ይሣላሉ። በዓድዋ ሥዕሎች ላይም ወራሪው ጦር ብዙ ጊዜ በጎን የሚታየው በዚሁ ልማድ ነው። በመቅደሱ በሮች ግራና ቀኝ ሰይፍ የያዙ ሊቃነ መላእክት ይቆማሉ። ከሥዕሎቹ ግርጌ አንዳንድ ጊዜ ሥዕሉን ያሠራው ሰው ተንበርክኮ ወይም ተደፍቶ ይታያል፤ ስሙም ከጎኑ ይጻፋል። እነዚህን ምልክቶች አስጎብኚው እንዲያሳይዎ ይጠይቁ።

የጎብኚው ግዴታዎች

• ሥዕሉን በእጅ አይንኩ፤ በጀርባዎ ወይም በሻንጣዎ አይደገፉ። በጨርቅ ላይ የተሣለ ሥዕል በትንሽ ግፊት ከግድግዳው ይላቀቃል።
• በፍላሽ ፎቶ አያንሡ። ያለ ፍላሽም ቢሆን አስቀድመው ፈቃድ ይጠይቁ።
• ሥዕሉ በመጋረጃ ከተሸፈነ መጋረጃውን የሚገልጠው የቤተ ክርስቲያኑ አገልጋይ ብቻ ነው።
• ጫማ ያውልቁ፤ የአለባበስ ሥርዓቱን ያክብሩ፤ ወንዶችና ሴቶች በየተመደበላቸው በር ይግቡ። ወደ መቅደስ መግባት ለካህናትና ለዲያቆናት ብቻ የተፈቀደ ነው።
• ሻማና ጧፍ ከሥዕሉ ራቅ ባለ ሥፍራ ይብራ። ጭስ ለዓመታት እየተጠራቀመ ቀለሙን ያጠቁራል።
• ስም መጻፍ ወይም ግድግዳ መፋቅ በሕግ ያስጠይቃል።

በበጎ ፈቃድ የሚደርስ ጉዳት

በግድግዳ ሥዕሎች ላይ የሚደርሰው ጉዳት ሁልጊዜ ከስርቆት ወይም ከቸልተኝነት የሚመነጭ አይደለም። ከባዱ ጉዳት አንዳንድ ጊዜ ከበጎ ሐሳብ ይመጣል። ምእመናን ገንዘብ አዋጥተው ያረጀውን ቤተ ክርስቲያን ሲያድሱ የጠቆረው አሮጌ ሥዕል ይፋቃል፤ ወይም በአዲስ የዘይት ቀለም ይሸፈናል። የሣር ክዳን በቆርቆሮ ሲቀየር፣ የጭቃ ግድግዳ በሲሚንቶ ሲለሰን ለዘመናት የቆየ ሥዕል በአንድ ሳምንት ሥራ ሊጠፋ ይችላል። የጠፋውንም ሠዓሊ ቢቀጠር መልሶ ሊያመጣው አይችልም፤ አዲሱ ሥዕል ያማረ ቢሆን እንኳ የቀድሞው ምስክርነት የለውም።

ስለ ቅርስ ጥናትና አጠባበቅ የወጣው አዋጅ ቁጥር 209/1992 ቅርስ በእጁ የሚገኝ ማንኛውም ሰው ወይም ተቋም ቅርሱን የመንከባከብ ግዴታ እንዳለበት ይደነግጋል። በቅርስ ላይ የሚደረግ የጥገናና የእድሳት ሥራም አስቀድሞ ፈቃድ ማግኘት አለበት። ስለዚህ የደብር አስተዳደሮችና የእድሳት ኮሚቴዎች፡-

1. ሥራ ከመጀመሩ በፊት ለወረዳው የባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት በጽሑፍ ያሳውቁ፤
2. እያንዳንዱን ግድግዳ ከነሥዕሉ ፎቶ በማንሣት መዝግበው ያስቀምጡ፤
3. በክልሉ ባህልና ቱሪዝም ቢሮ በኩል የኢትዮጵያ ቅርስ ባለሥልጣን ሙያዊ ምክርና ፈቃድ እስኪገኝ ልስን ከመፋቅና ቀለም ከመቀባት ይቆጠቡ፤
4. ጣሪያው የሚያፈስ ከሆነና ጊዜ የማይሰጥ ከሆነ ውኃውን በጊዜያዊ ሽፋን ያስቁሙ እንጂ ሥዕሉን አይንኩ።

አዲስ የአደባባይ ሥዕል ለማሠራት

በሐይቅ፣ በውጫሌና በሌሎች ከተሞች የአጥርና የአደባባይ ግድግዳዎችን በሥዕል ለማስዋብ የሚፈልጉ ማኅበራት የሚከተሉትን ያሟሉ።

የግድግዳው ባለቤት ስምምነት በጽሑፍ ይያዝ። የሚመለከተው የከተማ አስተዳደር ይጠየቅ፤ ግድግዳው የታሪካዊ ሕንፃ አካል ከሆነ ደግሞ ከላይ የተመለከተው የቅርስ ፈቃድ ይቅደም። ከሠዓሊው ጋር የሚደረገው ውል ክፍያን፣ የእድሳት ኃላፊነትንና የቅጂ መብትን በግልጽ ይወስን። በቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት ሥዕል ጥበቃ ያለው ሥራ ነው። ጥበቃውም ሠዓሊው በሕይወት ባለበት ዘመንና ከዕረፍቱ በኋላ ለ50 ዓመት ይቆያል። ሥዕሉን በፖስት ካርድ ወይም በከናቴራ ላይ አትሞ መሸጥ የሚፈልግ ሰው የመብቱን ባለቤት ፈቃድ ማግኘት አለበት።

የሥዕሉ ርእስ ሲመረጥ ነዋሪው ይመከርበት። ወሎ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ በአንድ መንደር ተከባብሮ የሚኖርበት፣ ከኢትዮጵያ የዜማ ቅኝቶች አንዱ በአምባሰል ስም የሚጠራበት አካባቢ ነው። የጋራ ግድግዳ የሁሉም በመሆኑ ሁሉም ራሱን የሚያይበት ሊሆን ይገባል።

በተደጋጋሚ የሚነሡ ጥያቄዎች

ያለ አስጎብኚ መጎብኘት ይቻላል? የአደባባይ ሥዕሎችን ማንም ሰው በራሱ ሊመለከት ይችላል። በገዳማትና በአብያተ ክርስቲያናት ግን የሥፍራው አገልጋይ ወይም አስጎብኚ ሳይኖር መዘዋወር አይፈቀድም።

የተማሪዎች ቡድን ይዞ መሄድ ይቻላል? ይቻላል። ትምህርት ቤቱ የተማሪዎችን ብዛት ገልጾ ለወረዳው ጽሕፈት ቤትና ለሥፍራው አስተዳደር አስቀድሞ ደብዳቤ ቢጽፍ መስተንግዶው የተቃና ይሆናል። ተማሪዎች በጠባብ ቅድስት ውስጥ በአነስተኛ ቡድን ተከፍለው ይግቡ።

የተጎዳ ወይም ሊፋቅ የተዘጋጀ ሥዕል ብመለከት ምን ላድርግ? ሥፍራውን፣ ቀኑንና ያዩትን ጉዳት መዝግበው በአቅራቢያዎ ለሚገኘው የባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት ወዲያውኑ ያሳውቁ። የቅርስ ስርቆት ከሆነ ለፖሊስም ያመልክቱ። በራስዎ ለመጠገን ወይም ለማጽዳት አይሞክሩ፤ ውኃና ሳሙና የቆየ ቀለምን ያጥባሉ።

ለተጨማሪ መረጃ ተገልጋዮች በየወረዳቸው የሚገኘውን የባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት በሥራ ሰዓት በአካል ቀርበው መጠየቅ ይችላሉ።